ቆንስል ወይስ ሰላይ? ካፒቴን ካሜሮንና የጋፋት ዘመን

ባለፈው መቶ ዓመት አጋማሽ ላይ ሳይሆን ከዚያም በፊት፣ በ19ኛው ምዕት ዓመት፣ ይፋግ ከበጌምድር የታወቁ ገበያዎች አንዱ ነበር። ከአሞሌውና ከጥጡ ጋር ወሬም በዚያ ይጓዝ ነበር። የቱርክና የግብጽ ወታደር በምጽዋና በሱዳን ጠረፍ በሰፈረበት በዚያ ዘመን፣ ከባሕር ማዶ የሚመጣ እንግዳ ነጋዴ ይሁን ሰባኪ፣ መልእክተኛ ይሁን ሰላይ፣ ለይቶ ማወቅ ቀላል አልነበረም። የእንግሊዝ ቆንስል የካፒቴን ቻርልስ ደንከን ካሜሮን መከራም የተወለደው ከዚሁ ጥርጣሬ ነው።

ካሜሮን በክሪሚያ ጦርነት ጊዜ በቱርክ ምድር ያገለገለ የጦር መኰንን ነበር። የዐፄ ቴዎድሮስ ወዳጅ የነበረው ቆንስል ዋልተር ፕላውደን በ1852 ዓ.ም. በጎንደር አካባቢ በሽፍታ እጅ ቆስሎ በመሞቱ፣ በእርሱ እግር ተተክቶ በየካቲት 1854 ዓ.ም. ምጽዋ ደረሰ። በጥቅምት 1855 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ በክብር ተቀብለው ለንግሥት ቪክቶሪያ የወዳጅነት ደብዳቤ ሰጡት።

ካሜሮን ግን ደብዳቤውን ወደ ጠረፍ ልኮ፣ ራሱ በቦጎስ በኩል አድርጎ በግብጾች እጅ ወደ ነበረችው ከሰላ ሄደ። የጉዞው ምክንያት የጥጥና የንግድ ጉዳይ ነበር። ያየውንና የሰማውን ለመንግሥቱ መጻፍ በቆንስልነቱ የታዘዘው ሥራ ነው። በንጉሠ ነገሥቱ ዐይን ሲታይ ግን፣ ወዳጅ ተብሎ የተላከ ሰው ከጠላት ሰፈር ከርሞ መልስ ሳይዝ ተመለሰ። ደብዳቤው በየካቲት 1855 ዓ.ም. ለንደን ደርሶ ሳለ፣ በውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤት ያለ መልስ ተቀምጦ ቀረ። የቢሮው ቸልታ በደብረ ታቦር እንደ ንቀት ተቈጠረ፤ ንቀቱም ጥርጣሬውን አጸናው። በታኅሣሥ 1856 ዓ.ም. ካሜሮን በሰንሰለት ታሰረ፤ በኋላም ወደ መቅደላ ተወሰደ።

የንግሥቲቱን መልስ የያዘው ሆርሙዝድ ራሳም ንጉሠ ነገሥቱ ፊት የቀረበው በጥር 1858 ዓ.ም. ነው። እስረኞቹ ተፈተው በጣና ዳር ቆራጣ ላይ ተገናኙት። ደስታው ግን አልዘለቀም፤ በሚያዝያ ራሳም ራሱ ጭምር ተያዘ። ሚስዮናዊው ፍላድ ብልሃተኞችን እንዲያመጣ ወደ እንግሊዝ ተላከ፤ እነ ካሜሮንም መያዣ ሆነው ቀሩ። በጥርጣሬ የተጀመረው እስራት በዚህ ጊዜ የዕውቀት ዋጋ መደራደሪያ ሆነ። የተቀጠሩት ሠራተኞች ምጽዋ ቢደርሱም፣ እስረኞቹ ባለመለቀቃቸው ተመለሱ።

ንጉሠ ነገሥቱ ግን የተመኙትን ጥበብ እስኪመጣላቸው እጃቸውን አጣጥፈው አልተቀመጡም። በደብረ ታቦር አጠገብ በምትገኘው ጋፋት፣ ቫልድማየርን የመሰሉ አውሮፓውያን ከአገሬው ሠራተኞች ጋር ሆነው 7 ቶን ያህል የሚመዝነውን ሴባስቶፖልን አቀለጡ። በጥቅምት 1860 ዓ.ም. ደብረ ታቦርን አቃጥለው ሲነሡ፣ መድፉ በሰው ጉልበት እየተጎተተ፣ ድንጋዩ እየተፈለጠ፣ ገደሉ እየተደለደለ፣ የበሽሎን ሸለቆ ተሻግሮ በመጋቢት መቅደላ ደረሰ። ያን መንገድ የሠራው ሕዝብ የምሕንድስና ትምህርት ቤት ደጅ ያልረገጠ ነበር።

የናፒየር ጦር ሚያዝያ 3 ቀን 1860 ዓ.ም. በአሮጌ ድል ካደረገ በኋላ፣ በማግሥቱ ካሜሮንና ራሳም ተለቀቁ። ሚያዝያ 6 ቀን ዐፄ ቴዎድሮስ እጃቸውን ላለመስጠት የራሳቸውን ሕይወት አጠፉ። ካሜሮን አገሩ ገብቶ ዐረፍ ቢልም፣ ብዙ አልቈየም፤ በግንቦት 1862 ዓ.ም. ጄኔቭ ላይ ሞተ።

ካሜሮን ሰላይ ነበር ለማለት የሚያበቃ ማስረጃ የለም፤ የተጠረጠረው ግን ያለ ምክንያት አልነበረም። ያለ መልስ የቀረ አንድ ደብዳቤ የብዙ ሰው ሕይወትና የአንድ መንግሥት መጥፊያ ሆነ። ሴባስቶፖል ዛሬም በመቅደላ አምባ ላይ አለ፤ የጋፋት ሠራተኞች ድካም ከቆንስሉም ከንጉሡም ዕድሜ በላይ ቆይቷል።