የቆረሙ ካሜራና የወለጋ ሰፋሪዎች



ባለፈው ረመዳን ለተፈናቃዮች ኢፍጣር ስናድል አንድ ወንድማችን በስልኩ ይቀርፅ ነበር። አንዲት እናት ሳህኑን ሳትቀበል ፊቷን በሻሿ ሸፈነች። ነገሩ ከልባችን አልወጣ ስላለ ዛሬ የአንድ ሙስሊም ካሜራማን ታሪክ እናወጋችኋለን።

ሙሐመድ አሚን ይባላል፤ የናይሮቢ ልጅ ነው። ከጋዜጠኛ ማይክል ቡርክ ጋር ቆረም ላይ የቀረፀው ፊልም ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. በቢቢሲ ታየ። ቤታቸውን ጥለው ሜዳ ላይ ያደሩ ሺዎች፣ በጨርቅ የተጠቀለሉ ሬሳዎች፣ የንጋት ብርድ። ደርግ 10ኛ ዓመቱን እስኪያከብር ድረስ ጋዜጠኞችን ወደ ሰሜን አያሳልፍም ነበር፤ ፊልሙ ከወጣ በኋላ ግን ዓለም እህልና ገንዘብ ይልክ ጀመር።

ከዚያ በፊትም ሌላ ፊልም ነበር። ጆናታን ዲምብልቢ በ1966 ዓ.ም. የወሎን ረሃብ ለእንግሊዝ ቴሌቪዥን አሳየ። ደርግ ይህንኑ ፊልም ከቤተ መንግሥት ግብዣ ምስል ጋር ቀላቅሎ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ለሕዝብ አቀረበው። በማግስቱ ንጉሡ ወረዱ። የተራበው ሰው ያው ነው፤ ሥራ ላይ የዋለበት መንገድ ግን ሌላ።

ለኛ ለወለጋ ሰዎች ታሪኩ ቆረም ላይ አያበቃም። መንግሥት በ1977 እና 1978 ዓ.ም. ወደ 600,000 የሚጠጋ ሕዝብ አሰፈረ። በአውቶቡስና በአንቶኖቭ ተጭነው አንገር ጉትን፣ ቄቶና ያኔ ወለጋ ውስጥ የነበረችው አሶሳ ከወረዱት መካከል የወሎ ሙስሊሞች ብዙ ነበሩ። በፈቃዱ የመጣ አለ፣ ተገዶ የመጣም አለ። ግዳጁን በአደባባይ ያወገዘው የፈረንሳዩ የድንበር የለሽ ሐኪሞች ቡድን በ1978 ዓ.ም. ከሀገር ተባረረ። ዛሬ ስለ ሰባ ሰባት ሲነሳ ሁሉም ቆረምን ያስታውሳል፤ ያ ሕዝብ በማያውቀው ቆላ፣ በወባ መካከል፣ የሣር ጎጆ ሲቀልስ ግን ስንቱ ያውቃል?

መፈናቀሉም አልቀረም። በ2011 ዓ.ም. ከካማሺ የተፈናቀሉ ኦሮሞዎች ወደ ነቀምት መጡ። ከጥቂት ዓመት በኋላ ደግሞ ከወለጋ የሸሹ አማሮች ደብረ ብርሃን መጠለያ ገቡ፤ ከነሱ ውስጥ አባቶቻቸው በሰፈራ የመጡ አሉ። አንድ ቤተሰብ በ40 ዓመት ውስጥ ሁለቴ ቤት አልባ ሆነ ማለት ነው።

ሙሐመድ አሚን በ1983 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ ክንዱን አጣ። በሰው ሠራሽ ክንድም ካሜራውን አልተወም። ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. የተጠለፈው የኢትዮጵያ አውሮፕላን ኮሞሮስ አጠገብ ባሕር ላይ ሲወድቅ ከሞቱት 125 ሰዎች አንዱ ሆነ። አላህ ይዘንለት።

ያ ወንድማችን የእናቲቱን ምስል እኛው ፊት ሰረዘው። ሳህኑን በልጇ በኩል ላክንላት።