ኢቮን ሳንሶንና የተናቀው ፊልም

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ስለ ነበረው የኢጣልያ ፊልም ሲወሳ ዘወትር የሚጠቀሱት የሮሴሊኒ፣ የደ ሲካና የቪስኮንቲ ሥራዎች ናቸው። ሥራ አጡን፣ ዓሣ አጥማጁንና ጎዳና ላይ የቀረውን ሕፃን ወደ ሸራው ያወጣው ኒዮሪያሊዝም ይህ ክብር ይገባዋል። ይሁን እንጂ እነዚያ ፊልሞች የቆሙለት ሰፊው ሕዝብ ራሱ በብዛት ይጎርፍ የነበረው ወደ ሌላ ዓይነት ፊልም ነው። የዚህኛው ዋነኛ ተዋናይት ደግሞ በተሰሎንቄ የተወለደችው ግሪካዊት ኢቮን ሳንሶን ነበረች።

ሳንሶን በ1946 (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በሪካርዶ ፍሬዳ «ጥቁሩ ንስር» ታየች። በቀጣዩ ዓመት አልቤርቶ ላቱዋዳ «የጆቫኒ ኤፒስኮፖ ወንጀል» በተባለው ፊልም ደካማ ባሏን የምታዋርድ ሚስት አድርጎ አሠራት። ሌላ ዳይሬክተር ቢሆን በዚሁ የአታላይ ሴት ሚና ባስቀራት ነበር። ራፋኤሎ ማታራዞ ግን በዚያ መልክ ውስጥ የምትሰቃይ እናት አየ።

«ሰንሰለት» የተሰኘው ፊልም በ1949 ወጣ። ሮዛ የኔፕልስ መካኒክ ሚስትና የልጆች እናት ናት። የቀድሞ እጮኛዋ የነበረ ወሮበላ መጥቶ ያስፈራራታል፤ ባሏ ይገድለውና ወደ አሜሪካ ይሸሻል፤ ተይዞም ይመለሳል። ጠበቃው ለሮዛ አንድ መንገድ ብቻ ያሳያታል። ያልፈጸመችውን ዝሙት ፈጽሜያለሁ ብላ በችሎት ፊት ከመሰከረች፣ ግድያው ስለ ክብር የተደረገ ይሆንና ባሏ ይተርፋል። ሮዛም ትዋሻለች። ባል ነፃ ሲወጣ ንጽሕት ሚስት በሕዝብ ፊት ትዋረዳለች።

ይህ የደራሲ ፈጠራ ብቻ አልነበረም። በፋሺስቱ ዘመን በ1930 የወጣው የወንጀል ሕግ፣ አንቀጽ 587፣ ስለ ክብር ለገደለ ሰው ቅጣቱን ያቀል ነበር፤ የተሻረውም በ1981 ነው። ፍቺን የሚፈቅድ ሕግም እስከ 1970 አልነበረም። በአዳራሹ ጨለማ ውስጥ ያለቀሰችው ሠራተኛ ሴት የምታለቅሰው በምታውቀው ሕግ ነበር።

የግራው ክንፍ ሃያሲያን ግን እነዚህን ፊልሞች በጋዜጣ ተከታትሎ ከሚወጣ ርካሽ ልብ ወለድ ቆጥረው አጣጣሉአቸው። ትችቱ መሠረት አልነበረውም ማለት አይቻልም፤ ማታራዞ የሚከፍተውን ቁስል ሁሉ በመጨረሻ በይቅርታና በመስቀል ይሸፍነዋል። ስህተታቸው ሕዝቡ ለምን እንደሚያለቅስ አለመጠየቃቸው ነው። «የማንም ልጆች» (1951) የሚካሄደው በካራራ የእብነ በረድ ካባ ነው። የካባው ባለቤት ኮንትና የዘበኛው ልጅ ይዋደዳሉ፤ የኮንቱ እናት ይለያዩአቸዋል፣ ሕፃኑም ይሰረቃል። ልጄ ሞተ ብላ የመነኮሰችው እናት በኋላ የምታገኘው በካባው ፍንዳታ ሊሞት የተቃረበ ታዳጊ ነው። የመደብ ልዩነት ከዚህ በላይ በግልጽ የታየበት የዘመኑ ፊልም ብዙ አይደለም።

ከአሜዴዮ ናዛሪ ጋር ተጣምራ እስከ 1958 ድረስ በማታራዞ ሰባት ፊልሞች ሠርታለች። ዝምታዋ ከንግግሯ ይበልጥ ይናገራል፤ በብዙዎቹ የሚሰማው ድምፅ፣ እንደ ጊዜው ልማድ፣ የሌላ ተዋናይት ነውና ትወናዋ በፊቷና በትከሻዋ ላይ የተመሠረተ ነበር። «ነጩ መልአክ» (1955) መነኩሲቱንና እርሷን የምትመስል ዳንሰኛ ሁለቱንም ሰጥቷታል፤ በአንድ ፊት ቅድስትና የተናቀች ሴት ማየት እንግዳ ነገር ነው። ላቱዋዳም በ1952 ከጎጎል በወሰደው «ካፖርት» የከንቲባውን ውሽማ አሠርቷት ነበር።

የእንባው ፊልም ዘመን ሲያልፍ የእርሷም ሥራ ሳሳ። በ1970 በርናርዶ ቤርቶሉቺ «ኮንፎርሚስቱ» በተባለው ፊልሙ ለፋሺስቱ ጀግና ሚስት እናት አድርጎ ጠራት። በዚያው አሥር ዓመት ወጣት ሃያሲያን የማታራዞን ፊልሞች እንደገና መመርመር ጀመሩ። ሳንሶን በ2003 በቦሎኛ አረፈች።