ሲሶ፣ ሩብና እኩሌታ በፎገራ ሜዳ

የኢትዮጵያ መሬት ለነጋሽ፣ ለቀዳሽና ለአራሽ በሲሶ በሲሶ ተደልድሏል የሚለው ጥንታዊ ትውፊት ከሒሳብ አንጻር ሲታይ እጅግ ቀላል ነው። የሦስቱም ክፍልፋዮች ታሕት አንድ ስለሆነ ሲደመሩ ያለ ትርፍና ያለ ጉድለት አንድ ሙሉ ይሆናሉ። በወረታ ዙሪያ፣ ርብና ጉማራ ወደ ጣና በሚወርዱበት በፎገራ ሜዳ የሚያርሰው ባላገር ግን እንዲህ ያለ የተቃና ሒሳብ አልገጠመውም።

ምክንያቱ ርስት ነው። በበጌምድር ርስት ከአባትም ከእናትም ወገን ይወርድ ነበር፤ ሴት ልጅም ከወንድሟ ጋር ትካፈል ነበር። መሬቱም በአብዛኛው በጋሻ ተለክቶ የተመዘገበ አልነበረምና፣ ስፋቱ የሚነገረው በጥማድ፣ ይኸውም አንድ ጥንድ በሬ በአንድ ቀን በሚያርሰው ልክ ነበር።

ለምሳሌ ያህል፣ አንድ ባላገር የእናቱ 4 ጥማድ መሬት ለ3 ወራሾች ሲከፈል 1 ከሲሶ፣ የአባቱ 3 ጥማድ ለ4 ሲከፈል ሦስት ሩብ ደረሰው ይባል። ሚስቱም 3 ጥማድ ከወንድሟ ጋር እኩል ተካፍላ 1 ተኩል ይዛ መጣች። የቤተሰቡ ይዞታ ስንት ጥማድ ነው? ሲሶን፣ ሩብንና እኩሌታን እንዳሉ መደመር ጤፍንና ኑግን ቀላቅሎ እንደ መስፈር ነው። በ2፣ በ3ና በ4 ያለ ቀሪ የሚካፈለው ትንሹ ቁጥር 12 በመሆኑ፣ ጥማዱ በ12 ቢሸነሸን ሲሶው 4፣ ሦስት ሩቡ 9፣ እኩሌታው 6 ሽንሽን ይሆናል። ድምሩ 19 ሽንሽን፣ ማለት 1 ጥማድ ከ7/12 ነው፤ ሁለቱ ሙሉዎች ሲጨመሩበት 3 ከ7/12 ይሆናል።

ላዕልን ከላዕል፣ ታሕትን ከታሕት የሚደምር ተማሪ ግን (እንዲህ ያለውን ያላረመ መምህር አይገኝም) ክፍልፋዮቹን 5/9 አድርጎ ድምሩን 2 ከ5/9 ይለዋል። የጎደለው 1 ከ1/36 ጥማድ ነው። ይህ በደብተር ላይ አንድ የቀይ እስክሪብቶ ምልክት ነው፤ በማሳ ላይ ግን ሁለት በሬዎች ቀኑን ሙሉ ውለው የማይጨርሱት መሬት ነው።

የዐባይ ውሃ ከጣና ወጥቶ በሚደርስበት በግብፅ፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1650 ዓመት ገደማ የተጻፈው የሪንድ ፓፒረስ ከዚህ ጋር የሚቀራረብ ጉዳይ ይዟል። የዚያ ዘመን ጸሐፍት ከሁለት ሦስተኛ በቀር ላዕሉ 1 ከሆነ ክፍልፋይ ሌላ አይጽፉም ነበር። 7/12ን ሲሶና ሩብ ብሎ መጻፍ ለእነርሱ የተለመደ መንገድ ነው፤ ሲሶና ሩብ የየራሳቸው ስም ባላቸው በአማርኛም አነጋገሩ እንግዳ አይሆንም።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ የገጠርን መሬት የሕዝብ ሲያደርግ፣ የባለመሬትንና የጭሰኛን ግንኙነት ሰርዞ የአንድ ቤተሰብን ይዞታ ከ10 ሄክታር እንዳይበልጥ ወሰነ። ሕጉ በሄክታር፣ ገበሬው በጥማድ ስለሚናገር ሌላ ምንዛሪ ተጨመረ፤ በልማድ 4 ጥማድ 1 ሄክታር ስለሚባል የዚያ ቤተሰብ መሬት 43/48 ሄክታር ይሆናል። ከ1970ዎቹ ወዲህ በሜዳው ላይ ሩዝ ተስፋፍቷል፤ መሬትን በእኩል ማረስ ግን አልቀረም።