አቤር፣ ቴኔር እና ኤስታር

አቤር፣ ቴኔር እና ኤስታር በስፓኒሽ መኖርን፣ ባለቤትነትንና መገኛን በየፊናቸው የሚገልጹ ሦስት ግሦች ናቸው። አማርኛ ሦስቱንም በ«አለ» ስለሚሸፍን ተናጋሪዎቹ ስፓኒሽ ሲማሩ ያምታቷቸዋል። ጉዳዩ በዋሽንግተን ዙሪያ የዕለት ተዕለት ነው፤ በሜሪላንዱ ሲልቨር ስፕሪንግና በቨርጂኒያው አሌክሳንድሪያ ኢትዮጵያውያንና ስፓኒሽ ተናጋሪ የኤል ሳልቫዶር ተወላጆች ተጎራብተው ይኖራሉ።

ግሦቹ ከላቲን የወረዱ ናቸው። አቤር ቀድሞ ባለቤትነትን ይገልጽ ነበር፤ ይህን ሥራ በጊዜ ብዛት «መያዝ» ከሚል ሥር የመጣው ቴኔር ወሰደው። ኤስታር «መቆም» ከሚለው ይመነጫል።

«አይ ፓን» ዳቦ አለ፣ «ቴንጎ ፓን» ዳቦ አለኝ፣ «ኤል ፓን ኤስታ አኪ» ዳቦው እዚህ አለ ማለት ነው። «አይ» የአቤር ቅርጽ ሲሆን፣ «አለች» ወይም «አሉ» ከሚሆነው «አለ» በተለየ በጾታም በቁጥርም አይለወጥም። የአቤርና የኤስታር ዋናው መለያ ነገሩ የታወቀ መሆን አለመሆኑ ነው። ስልክ ደውሎ «ሁዋን አለ?» ለማለት የፈለገ ሰው «አይ ሁዋን?» ቢል ይሳሳታል፤ ትክክለኛው «ኤስታ ሁዋን?» ነው። ዕድሜና ረሃብም በቴኔር ይነገራሉ፦ «ቴንጎ አምብሬ» ርቦኛል ማለት ነው። ባለፈ ጊዜ «ነበረ» አቢያ፣ «ነበረኝ» ቴኒያ ይሆናል።

አማርኛ ተናጋሪውን የሚያግዘው አቤር ረዳት ግሥ ሲሆን ነው። «በልቻለሁ» በውስጡ «አለ»ን እንደያዘ ሁሉ፣ ትርጉሙ ያው የሆነው «ኤ ኮሚዶ»ም የሚዋቀረው በአቤር ነው፤ «ቴንጎ ኮሚዶ» ግን በዚህ ቦታ አይተካውም።