«አማዴዎስ» እና የሳልየሪ ስም

ሚሎሽ ፎርማን በ1984 (ዘመናቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ያዘጋጀው «አማዴዎስ» የተባለው የሞዛርት ታሪክ ፊልም ስምንት የኦስካር ሽልማቶችን ማግኘቱ የሚገባው ነው። «ዶን ጆቫኒ» በ1787 ለመጀመሪያ ጊዜ የቀረበበት የፕራግ ቲያትር ቤት ራሱ በፊልሙ ይታያል። ይሁን እንጂ ይህ ሁሉ ውበት የአንድን ሰው ስም በማጉደፍ ላይ የተመሠረተ ነው።

በፊልሙ የቪየና ቤተ መንግሥት ሙዚቀኛ የነበረው ሳልየሪ በቅናት ተቃጥሎ፣ ፊቱን በጭንብል ሸፍኖ፣ ሞዛርት የሙታን ቅዳሴ ዜማ እንዲደርስ ያዝዛል፤ በመጨረሻም ከሕመም አልጋው አጠገብ ተቀምጦ የሚነግረውን ይጽፋል። እውነቱ ሌላ ነው። ዜማውን በመልእክተኛ ያሳዘዘው ሚስቱ የሞተችበት ካውንት ቫልዜግ ሲሆን፣ ሞዛርት በ1791 በ35 ዓመቱ ሲሞት ያልጨረሰውን የፈጸመው ዙስማየር ነው።

ሳልየሪ ሞዛርትን በመርዝ ገደለው የሚለው ወሬ ግን ከአፍ ወደ አፍ አለፈ። ፑሽኪን በ1830 ተውኔት አደረገው፤ ፒተር ሻፈርም የቅናቱን ታሪክ በ1979 ለመድረክ አበቃ፤ ፊልሙ የተቀዳው ከዚሁ ነው።

ሳልየሪ ቤትሆቨንንና ሹበርትን ያስተማረ ሰው ነው። የሞዛርት ታናሽ ልጅ ፍራንዝ ክሳቨርም ከተማረባቸው መምህራን አንዱ እርሱ ነበር። እናቱ ኮንስታንዜ ባሌን ገደለብኝ ብላ ብትጠረጥረው ኖሮ ልጅዋን ከእግሩ ሥር ባላስቀመጠችም ነበር።