የኅዳር ጢስና የዶሮ ቆጥ

ዛሬ ኅዳር 12 ነው፤ ሚካኤል። ጠዋት ሰፈሩ ቆሻሻውን ሰብስቦ ሲያቃጥል እኔም ደጅ ቆሜ ፋርጣ ላለችው እናቴ ደወልኩላት። ከሰላምታው በኋላ ምን አለችኝ መሰላችሁ? «ፈንግል ገብቶ ዶሮዎቹን ፈጀብኝ ልጄ። ሁለቱን ሳይሞቱ አረድናቸው፤ የቀሩትን ልጆቹ ወስደው ገደል ጣሏቸው።»

ስልኩን ዘግቼ ጢሱን ሳየው ቆየሁ። ይሄ ጢስ እኮ የዛሬ አይደለም።

በ1911 ዓ.ም. ኅዳር ላይ ዓለም «የስፓኝ ጉንፋን» ያለው ወረርሽኝ አዲስ አበባን አጠቃት። የጅቡቲው ባቡር ከተማዋ ከገባ ገና ሁለት ዓመት አልሞላውም ነበር። በዋና ከተማው ብቻ እስከ 10 ሺህ የሚደርስ ሰው እንዳለቀ ይገመታል። ሬሳ ቀባሪ አጥቶ ለጅብ ቀረ። አልጋ ወራሹ ራስ ተፈሪ ራሳቸው በጠና ታመው ለጥቂት ተረፉ። ሕዝቡ በወሩ ስም «የኅዳር በሽታ» አለው። ቆሻሻ ሰብስቦ ማቃጠሉ ልማድ ሆኖ ቀረና «ኅዳር ሲታጠን» እያልን እስከ ዛሬ እናጥናለን።

አባቶቻችን በሽታውን የክፉ አየር ሥራ አድርገው ቢያዩት አይፈረድባቸውም። በዚያን ጊዜ የኢንፍሉዌንዛን ቫይረስ በዓለም ላይ ያየው ሰው አልነበረም። ሳይንቲስቶች የቫይረሱን ሙሉ የዘር መረጃ ያነበቡት እ.ኤ.አ. በ2005 ነው፤ አላስካ በረዶ ውስጥ ከተቀበረች ሴት ሳንባ ጭምር ናሙና ወስደው። ያነበቡት ዘር ከወፎች ኢንፍሉዌንዛ ጋር በጣም የሚቀራረብ ሆኖ አገኙት።

ወደ እኛ አገር ልመለስ። ያደግኩበት ቤት ውስጥ የዶሮው ቆጥ ከመደባችን ራስጌ ነበር። ደቡብ ጎንደር ያደገ ሁሉ ያውቀዋል፤ ዶሮና ሰው አንድ አየር እየተነፈሱ ያድራሉ። ወደ ጣና ወረድ ስትሉ ደግሞ ፎገራ አለ። ፈረንጆቹ አገር ሲበርድ የውኃ ወፎች ወደ ረግረጉ ይመጣሉ፤ የገበሬው ዶሮ እዚያው ሩዝ ማሳ ዳር ይጭራል። የኢንፍሉዌንዛ ቫይረስ የተፈጥሮ ቤቱ የውኃ ወፍ ነው።

በ1998 ዓ.ም. ኤች5ኤን1 የተባለው የወፍ ጉንፋን መጀመሪያ ግብፅ፣ ከዚያ ሱዳን ገባ። ግንቦት ላይ ጅቡቲ ውስጥ አንዲት የ2 ዓመት ሕፃን መያዟ ተረጋገጠ። ያኔ ጉራጌ ጉብሬ አንድ የዶሮ እርባታ በሺህ የሚቆጠሩ ዶሮዎች ሞተውበት አገር ተደናግጦ ነበር፤ ሲመረመር የወፍ ጉንፋን አልሆነም። እ.ኤ.አ. ከ2003 ወዲህ በዓለም ከ900 በላይ ሰዎች በዚህ ቫይረስ ተይዘዋል፤ ግማሽ ያህሉ ሞተዋል። እስካሁን ከሰው ወደ ሰው በቀላሉ አይተላለፍም። የሚፈራው፣ ተራ ጉንፋን የያዘው ሰው የወፉንም ከያዘ ሁለቱ ቫይረሶች አንድ ገላ ውስጥ ተዳቅለው አዲስ ነገር እንዳይወልዱ ነው።

እናቴ «ፈንግል» ያለችው ያስጨነቀኝ ለዚህ ነው። ፈንግል ሰውን እምብዛም አይጎዳም። ግን ፈንግልና የወፍ ጉንፋን በዓይን አይለዩም፤ ሁለቱም ዶሮን በድንገት ጠራርገው ይፈጃሉ። የለመድነው ስም ያልለመድነውን በሽታ ሊሸፍንብን ይችላል። በ1911 ከአዲስ አበባ ደብረ ታቦር የሳምንታት የበቅሎ መንገድ ነበር። ዛሬ ደብረ ታቦር ገበያ የተጫነ ዶሮ በማግስቱ አዲስ አበባ ነው።

ማታ መልሼ ደወልኩና እንዲህ አልኳት፦ «እማ፣ የታመመ ዶሮ አትረዱ፤ ገበያም አታውጡ። የሞተውን በባዶ እጅ ሳትነኩ አርቃችሁ በጥልቅ ቅበሩት። ልጆቹን አታስነኪ። ለቀበሌው የእንስሳት ሐኪም ንገሪ። ለፈንግል ክትባት አለ፣ ቢሾፍቱ ይመረታል፤ የሚቀጥሉትን አስከትቢ። የተከተበ መንጋ ካለቀ ግን ‹ፈንግል ነው› ብለሽ እንዳታልፊው።»

«ለዶሮ ይሄን ሁሉ?» ብላ ሳቀችብኝ። ቆጡን ግን ከቤት ልታወጣው ተስማማች።

ገጠር ቤተሰብ ያላችሁ፣ ጢሱ ሳይበርድ ደውሉ።