ኩል፦ የአንድ ብርቅዬ ማዕድን ስም ታሪክና ለጤና ባለሙያ ያለው ትርጉም

መግቢያ

ከአዲስ አበባ በደብረ ማርቆስ በኩል ወደ ባሕር ዳር የሚጓዝ ሰው ደምበጫን አልፎ ፍኖተ ሰላም ከመድረሱ በፊት ጅጋን ያገኛል። በዚህ አካባቢና ወደ ቡሬ በሚያዘልቀው አገር በጤና ተቋማት የሚያገለግል ባለሙያ በአንድ የገበያ ቀን ሦስት ነገሮችን ጎን ለጎን ሊያይ ይችላል። አንደኛው ሕፃኗን አዝላ የመጣች እናት ዓይኗን የተኳለችበት ኩል ነው። ሁለተኛው ደም ከመቀዳቱ በፊት ቆዳ የሚጠረግበት አልኮል ነው። ሦስተኛው ወደ መተማ ወይም ወደ ሁመራ እርሻዎች ለቀን ሥራ ወርዶ ካላዛር ይዞት የተመለሰ ወጣት በሕክምና ማስረጃው ላይ ተጽፎ የሚገኘው ሶዲየም ስቲቦግሉኮኔት ነው።

እነዚህ ሦስት ነገሮች በመልክም ሆነ በጠባይ አይመሳሰሉም። ይሁን እንጂ ስማቸውን ወደ ኋላ ተከትሎ ለሄደ ሰው ሦስቱም ከአንድ ጥቁር አንጸባራቂ ድንጋይ ዘንድ ይገናኛሉ። ይህ ድንጋይ በማዕድን አጥኚዎች ዘንድ ስቲብናይት የሚባለው ሲሆን፣ የአንቲሞንና የድኝ ውሁድ ነው። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ የስሙን ታሪክ በአጭሩ ማቅረብ ነው። ነገሩ የቋንቋ ጨዋታ ብቻ ቢሆን ኖሮ በዚህ መጽሔት ቦታ ባልተሰጠው ነበር፤ ነገር ግን ስሙ ከድንጋዩ ተለይቶ ብዙ መንገድ ስለ ተጓዘ፣ ዛሬ በስሙ ብቻ የሚተማመን ባለሙያ አንድ ከባድ መርዝ ሊያመልጠው ይችላል።

ቃሉ በእኛ ቋንቋ

በግዕዝ ቃሉ «ኵሕል» ነው። አማርኛ እንደ ልማዱ የጉሮሮውን ድምፅ ጥሎ፣ «ላህም»ን «ላም» እንዳለ ሁሉ «ኵሕል»ንም «ኩል» ብሎታል። ከዚሁ ሥር «ኳለ»፣ «ተኳለ» እና «መኳያ» የሚሉት ቃላት ይወጣሉ። ዐረብኛውም «ኩሕል» ሲል፣ ዕብራይስጡም ዓይን መኳልን የሚገልጸው በዚሁ ሥር ነው። ስለዚህ ቃሉ የሴም ቋንቋዎች የጋራ ቅርስ እንጂ በቅርብ ጊዜ የመጣ የገበያ ስም አይደለም።

የቃሉ አገልግሎት ግን ከጥንት ጀምሮ ሁለት ገጽታ ነበረው። በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ፣ በሁለተኛ ነገሥት ምዕራፍ 9 ኤልዛቤል የተኳለችው ለጌጥ ነው። በዮሐንስ ራእይ ምዕራፍ 3 ደግሞ እንዲገዛ የተመከረው ኩል ዓይን እንዲያይ የሚረዳ መድኃኒት ነው። የግሪኩ መጽሐፍ በዚህ ስፍራ የሚጠቀመው የዓይን ቅባትን የሚያመለክት ሌላ ቃል ሲሆን፣ የእኛ ተርጓሚዎች ግን «ኩል» ማለትን መርጠዋል። ከዚህ እንደምንረዳው ለአባቶቻችን ኩል ማለት ጌጥም መድኃኒትም ነበር። ዛሬም በጎጃም ገጠር አንዲት እናት ኩል ለዓይን ይበጃል ብትል፣ ከባለሙያው ጋር የምትከራከረው በራሷ ግምት ሳይሆን እጅግ ረጅም ዕድሜ ባለው የቃሉ ትርጉም ነው። «ልትኳል ብላ ዓይኗን አጠፋች» የሚለው አነጋገር ግን ሕዝቡ የነገሩን ሌላ ገጽታም ጨርሶ እንዳልዘነጋው ያሳያል።

ድንጋዩ ራሱ የጎጃም ደጋ ፍሬ አይደለም። ምድሩ በአብዛኛው በጥንታዊ የእሳተ ገሞራ ጥቁር ድንጋይ የተሸፈነ ስለሆነ፣ እንዲህ ያለ አንጸባራቂ ማዕድን የሚለቀምበት ስፍራ አይደለም። የኩል ድንጋይ ወደ አካባቢው የሚገባው በንግድ ነው። ከሩቅ የመጣ ዕቃ ደግሞ ገዢው የሚያውቀው በስሙ እንጂ በምንጩ አይደለም።

የድንጋዩ ስም ከግብፅ እስከ ሮም

የጥንት ግብፃውያን ጥቁሩን የዓይን ቀለም በራሳቸው ቋንቋ የሚጠሩበት ስም ነበራቸው። ይህ ስም ወደ ግሪክ አልፎ «ስቲሚ» ወይም «ስቲቢ»፣ ወደ ላቲን አልፎ «ስቲቢየም» ሆነ። ዛሬ የአንቲሞን የኬሚስትሪ ምልክት የተወሰደው ከዚህ ቃል ነው። «አንቲሞን» የሚለው ስም ምንጭ ግን አከራካሪ ሆኖ ቆይቷል። አንዳንዶች ለድንጋዩ ከተሰጠው «ኢስሚድ» ከሚለው የዐረብኛ ስም የመጣ ነው ይላሉ። በአውሮፓ ደግሞ ብዙ መነኮሳትን ስለ ገደለ «የመነኮሳት ጠላት» ተባለ የሚል ተረት ተነግሮለታል፤ ይህ ግን ከስሙ በኋላ የተፈጠረ ጨዋታ ነው።

በመጀመሪያው ክፍለ ዘመን የኖረው ሮማዊው ጸሐፊ ፕሊኒ ስለ ስቲቢ ሲያትት፣ የሴቶችን ዓይን አስፍቶ ስለሚያሳይ «ዓይን አስፊ» የሚል ትርጉም ያለው ስም እንደ ተሰጠው፣ በዓይን ሕክምናም እንደሚያገለግል ጽፏል። ለእኛ ይበልጥ ጠቃሚ የሆነው ግን የሰጠው ማስጠንቀቂያ ነው። ድንጋዩን የሚያቃጥል ሰው ወደ እርሳስ እንዳይለወጥበት መጠንቀቅ አለበት ይላል። ዛሬ እንደምናውቀው አንቲሞን ወደ እርሳስ አይለወጥም። ስለዚህ ከእሳቱ እርሳስ ከወጣ፣ ድንጋዩ ከመጀመሪያው እርሳስ ነበረበት ማለት ነው። የሁለቱ ማዕድናት መምታታት እንግዲህ ወደ 2000 ዓመት የሚጠጋ ዕድሜ አለው።

የዘመናችን ምርምርም ይህንኑ አረጋግጧል። እ.ኤ.አ. በ1999 «ኔቸር» በተባለው መጽሔት የወጣ ጥናት በፈረንሳይ ሉቭር ሙዚየም የሚገኙ የግብፃውያን የመዋቢያ ብልቃጦችን መርምሮ፣ በውስጣቸው ጋሊና የተባለው የእርሳስና የድኝ ውሁድ እንዲሁም ሆን ተብለው የተዘጋጁ ሌሎች የእርሳስ ውሁዶች መኖራቸውን አሳይቷል። በታሪክ መጻሕፍት አንቲሞን እየተባለ ሲጠራ የኖረው የግብፅ ኩል በአብዛኛው እርሳስ ነበር።

ይህ የሆነበት ምክንያት ግልጽ ነው። አንቲሞን በመሬት ቅርፊት ውስጥ ያለው ድርሻ በአማካይ ከአንድ ሚሊዮን እጅ አንድ እጅ እንኳ አይሞላም፤ እርሳስ ግን ከዚህ በብዙ እጥፍ ብልጫ አለው። ሁለቱም ማዕድናት ግራጫ ጥቁር ሆነው ያብረቀርቃሉ። ሳይፈጩ ሲታዩ ጋሊና ክብደቱ የጎላና ሲሰበር አራት ማዕዘን እየሆነ የሚወጣ፣ ስቲብናይት ደግሞ ቀለል ያለና እንደ መርፌ የተደረደረ ነው። ከተፈጩ በኋላ ግን በዓይን መለየት አይቻልም። የብርቅዬው ስም በተራው ላይ የተለጠፈው በዚህ መንገድ ነው።

ከኩል ወደ አልኮል

በመካከለኛው ዘመን በዐረብኛ የሚጽፉ ሐኪሞች ኩልን በዓይን ሕክምና ውስጥ ከፍ ያለ ቦታ ሰጥተውት ነበር። የዓይን ሐኪም ራሱ «ከሓል»፣ ማለትም ኳይ፣ ይባል ነበር። በባግዳድ የነበረው ዓሊ ኢብን ዒሳ አል ከሓል ለዓይን ሐኪሞች የጻፈው መጽሐፍ ለብዙ ዘመን ሲማሩበት የኖረ ነው።

«አል ኩሕል» የሚለው ቃል ወደ ላቲን ሲገባ ትርጉሙ ሰፋ። በመጀመሪያ ኩሉን፣ ቀጥሎ ማንኛውንም እጅግ ልሞ የተፈጨ ዱቄት፣ ከዚያም የአንድን ነገር የነጠረ ፍሬ ማመልከት ጀመረ። በ16ኛው ክፍለ ዘመን የኖረው ሐኪም ፓራሴልሰስ ከወይን ተነጥሮ የሚወጣውን ፈሳሽ «የወይን አልኮል» ብሎ ጠራው። ከጊዜ በኋላ «የወይን» የሚለው ተቀንሶ «አልኮል» ብቻ ቀረ። እንግዲህ በጅጋ አንድ ነርስ «አልኮልና ጥጥ አቀብሉኝ» ስትል፣ ከፊቷ የተቀመጠችው እናት ከተኳለችው ኩል ጋር አንድ የሆነ ቃል መጥራቷ ነው።

ስሙ ወደ መርፌ ሲገባ

አንቲሞን በአውሮፓ ሕክምና የነበረው ታሪክ ክርክር የበዛበት ነው። በ1566 እ.ኤ.አ. በፓሪስ እንደ መርዝ ተቆጥሮ በመድኃኒትነት እንዳይሰጥ ተከለከለ፤ ከአንድ መቶ ዓመት በኋላ በ1666 ደግሞ ተፈቀደ። በመካከሉ፣ በ1658፣ ንጉሥ ሉዊ 14ኛ ታሞ አንቲሞን ከተሰጠው በኋላ መዳኑ ለደጋፊዎቹ ታላቅ ድል ሆኖ ነበር።

እውነተኛ ጥቅሙ የታወቀው ግን በ20ኛው ክፍለ ዘመን ነው። እ.ኤ.አ. በ1912 ብራዚላዊው ጋስፓር ቪያና ታርታር ኤሜቲክ የተባለውን የአንቲሞን ጨው ለቆዳ ሌሽማንያሲስ እንደሚጠቅም ገለጸ። በ1918 ክሪስቶፈርሰን በካርቱም ለቢልሃርዝያ ተጠቀመበት። በ1920ዎቹ በሕንድ ኡፔንድራናት ብራህማቻሪ ዩሪያ ስቲባሚን በተባለው ውሁድ ካላዛርን ማከም ጀመረ። በ1940ዎቹ ደግሞ ሶዲየም ስቲቦግሉኮኔት ተገኘ። የዚህ መድኃኒት ስም የመጀመሪያ ክፍል ያው የጥንቱ «ስቲቢ» ነው።

ይህ ታሪክ ለምዕራብ ጎጃም ሩቅ አይደለም። ከአካባቢው ብዙ ወጣቶች በአረምና በአጨዳ ወቅት ካላዛር ወዳለባቸው ወደ መተማና ሁመራ ቆላዎች ይወርዳሉ። እ.ኤ.አ. በ2005 በደቡብ ጎንደር በሊቦ ከምከም የተከሰተው ወረርሽኝም በሽታው ከዚያ በፊት በማይታወቅበት ደጋማ አገር ሊስፋፋ እንደሚችል አሳይቷል። የዓለም ጤና ድርጅት በ2010 ስቲቦግሉኮኔት ከፓሮሞማይሲን ጋር ለ17 ቀናት እንዲሰጥ ለምሥራቅ አፍሪካ የመከረ ሲሆን፣ መድኃኒቱ በልብ ምትና በቆሽት ላይ ሊያደርስ የሚችለው ጉዳት ጥብቅ ክትትል የሚጠይቅ መሆኑ የታወቀ ነው። የእናት ዓይን ላይ ያለው ስም በልጅዋ ደም ሥር ውስጥ መድኃኒት ሆኖ ሲገባ እናያለን። ነገር ግን ስሙ አንድ ይሁን እንጂ ነገሩ አንድ አይደለም።

ስሙ የሸፈነው መርዝ

አስጊው ነገር እዚህ ላይ ነው። ኩልን በመዝገበ ቃላት የሚፈልግ ሰው ብዙውን ጊዜ «አንቲሞን» የሚል ፍቺ ያገኛል። ይህን ያነበበ ባለሙያ «አንቲሞን መድኃኒትም ይሠራበታል» ብሎ ጉዳዩን ሊያልፈው ይችላል። በልዩ ልዩ አገሮች በኩል ስም የሚሸጡ ዱቄቶች ሲመረመሩ ግን ብዙዎቹ ከፍተኛ እርሳስ ይገኝባቸዋል፤ አንዳንዶቹ ደግሞ ጥላሸት ወይም ሌላ ነገር ናቸው። እ.ኤ.አ. በ2012 የአሜሪካ የበሽታ መቆጣጠሪያና መከላከያ ማዕከል ባወጣው ዘገባ፣ ከናይጄሪያ የመጣ «ቲሮ» የተባለ ኩል የተኳለ አንድ ሕፃን በደሙ ውስጥ እርሳስ ተገኝቶበታል። ዱቄቱ ሲመረመር ከ80 በመቶ በላይ እርሳስ ነበር።

የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚለው ጉዳት አያስከትልም ተብሎ የሚታወቅ የእርሳስ መጠን የለም። ከአዋቂ ይልቅ ሕፃን የዋጠው እርሳስ ወደ ደሙ በብዛት ይገባል። የተኳለ ሕፃን ዓይኑን አሽቶ ጣቱን ስለሚጠባ፣ ዓይን ላይ የዋለው ዱቄት ወደ ሆድ የሚገባበት መንገድ አጭር ነው። በእናት አጥንት ውስጥ የተከማቸ እርሳስም በእርግዝና ጊዜ ወጥቶ ወደ ፅንሱ ይደርሳል። ምልክቶቹ የደም ማነስ፣ የሆድ ቁርጠት፣ የምግብ ፍላጎት መቀነስና የአእምሮ ዕድገት መዘግየት በመሆናቸው፣ በገጠር ጤና ተቋም በሆድ ትላትል ወይም በምግብ እጥረት በቀላሉ ይሳበባሉ። ድርጅቱ በ2021 ባወጣው መመሪያ የመጀመሪያው ሕክምና ምንጩን ለይቶ ማስወገድ መሆኑን አስፍሯል። ምንጩ በጌጥ ስም ከተሰወረ ግን የሚጠይቀው አይኖርም።

ሌላም የማይዘነጋ ነገር አለ። በትራኮማ በተጠቃው የአማራ ክልል አንድ መኳያ ከዓይን ወደ ዓይን ሲዘዋወር፣ ዱቄቱ ምንም ይሁን ምን፣ የዓይን ፈሳሽን አብሮ ያዘዋውራል።

ማጠቃለያ

ከዚህ ታሪክ የሚወሰደው ትምህርት አጭር ነው። ስም የነገሩን መንገድ ይነግረናል እንጂ ይዘቱን አይነግረንም። ለዚህም ከራሳችን ቋንቋ ሌላ ምስክር አለ። «እርሳስ» የምንለው የመጻፊያ እንጨት በውስጡ ግራፋይት እንጂ እርሳስ የለበትም። ስለዚህ አንዲት እናት «ኩል እርሳስ አለበት» ብትባል በአእምሮዋ የሚመጣው የልጅዋ የትምህርት ቤት መጻፊያ ሊሆን ስለሚችል ምክሩ ሊያስቃት ይችላል። «ለጥይት አረር የሚሆነው ማዕድን» ቢባል ግን ወዲያው ትረዳለች።

በመሆኑም ባለሙያው ምክንያቱ ያልታወቀ የደም ማነስ ወይም የዕድገት መዘግየት ያለበትን ሕፃን ሲመረምር ስለ ኩል ቢጠይቅ፣ ከየት እንደ ተገዛ፣ ድንጋይ ሆኖ ወይስ ተፈጭቶ እንደ መጣ፣ ሕፃኑም ይኳል እንደሆነ ቢያጣራ መልካም ነው። ሕፃናትና ነፍሰ ጡሮች እንዳይኳሉ፣ መኳያም በጋራ እንዳይያዝ ይምከር። ምክሩ ግን ንቀት ያልተቀላቀለበት ይሁን። በሠርጓ ቀን የተኳለች እናት ስለ ኩል የምታውቀው የውበትና የክብር ታሪክ ነው፤ ያ ታሪክም ሐሰት አይደለም። ልጅዋ በተወለደ ጊዜ ዓይኑ ላይ የተቀባለት የቴትራሳይክሊን ቅባት ያንኑ ዓይንን የመጠበቅ ሐሳብ ተክቶ የመጣ መሆኑ ቢነገራት፣ የዘመኑን ሕክምና እንደ ባዕድ ሳይሆን እንደ ጥንቱ ልማድ ተከታይ አድርጋ ልትቀበለው ትችላለች።